የመሪው ዜሮ

ወርቅ ይዞ ወደ ገዢ የሚቀርብ ሰው ዓይኑ መጀመሪያ የሚያርፈው በወርቁ ላይ አይደለም፤ በባዶው ሚዛን ላይ ነው። ዲማ ላይ ይህን ለማንም ማስረዳት አያስፈልግም። በጋምቤላ ክልል በአኙዋ ዞን፣ ከአኮቦ ወንዝ ብዙም ሳትርቅ የምትገኘው ይህች የቆላ ከተማ ወርቅ በሚታጠብበት አፈር ላይ የተቀመጠች ናት። ቀኑን ሙሉ ጎንበስ ብሎ ደለል ሲያጥብ የዋለ ሰው የድካሙ ዋጋ በግራም ክፍልፋይ ይቆረጥለታል። ስለዚህ ገዢው ሚዛኑን ሲያበራ ሻጩ ዝም ብሎ ይጠብቃል። ቁጥሩ ይንቀጠቀጥና ዜሮ ላይ ይቆማል፤ የተቋጠረው ላስቲክ የሚፈታው ከዚያ በኋላ ነው። ሚዛኑ ባዶውን ሳለ ዜሮ ካላለ ከዚያ ወዲያ የሚናገረው ሁሉ፣ የቱንም ያህል በጥንቃቄ ቢነበብ፣ ሐሰት ነው።

መኪናም እንዲህ ያለ ባዶ ሚዛን አለው።

ከሚዛን አማን ወደ ዲማ የሚወርድ አንድ ፕራዶ እናስብ። ባለቤቱ ከመንገዱ በፊት የፊት እግሩን አስጠግኖታል፤ ጎማዎቹን ከመሪው ጋር የሚያገናኙት ዘንጎች ተፈትተው ታስረዋል። የደጋው ጫካና የቡናው ጥላ አልቆ ሙቀቱ በመስኮት መግባት ሲጀምር ዳሽቦርዱ ላይ ቢጫ መብራት ትበራለች፤ ከኋላዋ ሁለት ጠመዝማዛ መስመሮች የምትጎትት ትንሽ የመኪና ምስል። ሞተሩ ደህና ነው። ፍሬኑ ይይዛል። መሪውም ይታዘዛል። ሾፌሩ ግን አንድ ነገር ልብ ይላል፤ መንገዱ ቀጥ ባለበት ቦታ መሪው በእጁ ውስጥ ትንሽ ወደ ግራ ዞሮ ነው የተቀመጠው። ኩርባ ላይ ደግሞ፣ እግሩ ፍሬኑን ሳይነካ፣ አንዱ ጎማ ለአፍታ ያዝ ያደርጋል።

ብዙ ሾፌር መኪናው እስከሄደለት ድረስ መብራቷን ይለምዳታል። ፕላስተር የሚለጥፍባትም አለ።

ከመሪው ጀርባ፣ ኤርባጉንና ክላክሱን ከሚያገናኘው የተጠቀለለ ጥብጣብ አጠገብ፣ ክብ ዕቃ አለ። የመሪ ማዕዘን ሴንሰር ይባላል። ሥራው መሪው በስንት ዲግሪ እንደዞረ መናገር ነው። አንዳንዱ በብርሃን ይሠራል፤ ዙሪያውን የተሰነጣጠቀ ቀለበት በብርሃን ሰጪና በብርሃን ተቀባይ መካከል ይሽከረከራል፣ ብርሃኑ ስንቴ እንደተቆረጠ ይቆጠራል። ሌላው በማግኔት ይሠራል፤ የጥርሳቸው ቁጥር የተለያየ ሁለት ትንንሽ ጥርሳም ጎማዎች አብረው ይዞራሉ፣ በሁለቱ መካከል የሚፈጠረው ልዩነት መሪው ስንተኛው ዙር ላይ እንዳለ ያስታውቃል። ወሬው የሚደርሰው መኪናው እንዳይንሸራተት ለሚጠብቀው ኮምፒውተር ነው። ይህ ጥበቃ በ1995 እ.ኤ.አ. በመርሴዲስ ኤስ ክላስ ላይ ለገበያ ቀረበ። ከሁለት ዓመት በኋላ ትንሿ ኤ ክላስ ስዊድን ውስጥ በድንገተኛ የመታጠፍ ፈተና ላይ ስትገለበጥ ደግሞ የውድ መኪና ብቻ መሆኑ ቀረ። ኮምፒውተሩ የሚያነሣው ጥያቄ ሁለት ነው። ሾፌሩ ወዴት መሄድ ፈለገ? መኪናውስ ወዴት እየሄደ ነው? መልሶቹ ካልተስማሙ አንዱን ጎማ ለብቻው በፍሬን ይይዝና መኪናውን ወደ ሾፌሩ ፈቃድ ይመልሰዋል። ሾፌሩ ምን እንደፈቀደ የሚነግረው ግን ያ ከመሪው ጀርባ ያለው ክብ ዕቃ ነው።

ጥሩ መካኒክ መለዋወጫ ከማዘዙ በፊት ይህን ዕቃ ያናግረዋል። ስካነሩን ከመሪው ሥር ባለው ሶኬት ይሰካና ኮዱን ያነባል። ቶዮታ ላይ ሲ1231 የሴንሰሩን መስመር ይጠቁማል፤ ዩ0126 ከሆነ ሴንሰሩ ጭራሽ ድምፁ አይሰማም ማለት ነው። ኮድ ክስ እንጂ ፍርድ ስላልሆነ መካኒኩ በዚህ አይቆምም። ስካነሩ ላይ የማዕዘኑን ቁጥር ከፍቶ መሪውን በቀስታ ወደ ግራ ያዞራል፤ ከዚያ ወደ ቀኝ። ዓይኑ ቁጥሩ ላይ ነው። ቁጥር ከሌለ ፊውዙን፣ የሚደርሰውን ኤሌክትሪክና ሽቦውን ይፈትሻል፤ ባትሪውን ፈትቶ በሁለቱ የመረጃ ሽቦዎች መካከል ሲለካ ወደ 60 ኦም ካገኘ መስመሩ ጤነኛ ነው። ቁጥሩ ኖሮ የሚዘል ከሆነ፣ ከ90 ተነሥቶ ድንገት 300 ከገባ፣ ዕቃው አብቅቶለታል።

አስቸጋሪው ሦስተኛው ነው። መሪው ሲዞር ቁጥሩ ሳይቆራረጥ ይፈስሳል። ወደ ግራ ሲሄድ ይጨምራል፣ ወደ ቀኝ ሲመለስ ይቀንሳል፣ አንዲት ዲግሪ አያስትም። የፊት ጎማዎቹ ቀጥ ብለው ቆመው እያለ ግን ስካነሩ 14 ይላል።

ይህ ሴንሰር ከሥራው የሚያውቀውን ሁሉ በትክክል ያውቃል። ምን ያህል እንደተዞረ አይጠፋውም። የማያውቀው አንድ ነገር ነው፤ ቀጥታው የቱ እንደሆነ። ይህን ደግሞ ድሮም በራሱ አያውቀውም ነበር። ፋብሪካ ውስጥ አንድ ሰው ወይም አንድ ማሽን ጎማዎቹን አቅንቶ «ይህ ዜሮ ነው» ብሎ ነግሮታል፤ ከዚያ በኋላ ያን ቃል ይዞ ኖረ። የመሪው ዘንጎች ተፈትተው በሌላ ርዝመት ሲታሰሩ ጎማውና መሪው አዲስ ስምምነት አደረጉ፤ ለእሱ የነገረው የለም። ስለዚህ ቀጥ ባለ መንገድ ላይ ሾፌሩ ሊታጠፍ እንደፈለገ ለኮምፒውተሩ ያስታውቃል። ኮምፒውተሩም በቅንነት ሊረዳ ይነሣል፤ ጎማ ይይዛል። ሐሳበ ክፉ የሆነ ማንም የለም። አደጋው ግን እውነተኛ ነው።

ኢትዮጵያውያን እንዲህ ያለ ነገር ምን ያህል እንደሚያስከፍል በሐዘን ያውቃሉ። መጋቢት 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ከጠዋቱ 2፡38 ከቦሌ ወደ ናይሮቢ የተነሣው የበረራ ቁጥር 302 ስድስት ደቂቃ ያህል ቆይቶ ቢሾፍቱ አካባቢ ወደቀ። 157 ሰው አለቀ። ካፒቴን ያሬድ ጌታቸው የ29 ዓመት፣ ረዳቱ አህመድኑር መሐመድ የ25 ዓመት ወጣት ነበሩ። አውሮፕላኑ ከአየሩ ጋር ያለውን ማዕዘን የሚለኩ ሁለት ሴንሰሮች ነበሩት፤ ከተነሣ ጥቂት ቆይቶ የግራው 74.5 ዲግሪ ሲል የቀኙ 15.3 ይል ነበር። ኤምካስ የተባለው የቦይንግ 737 ማክስ ሥርዓት ግን የሚያዳምጠው አንዱን ብቻ ነበር። የግራውን አመነ። አፍንጫው ከልክ በላይ ቀና ብሏል ብሎ ወደ መሬት ደጋግሞ ደፋው። ሁለቱ ሴንሰሮች እንደማይስማሙ ለአብራሪዎች የሚያስታውቀው ምልክት በአብዛኞቹ ማክስ አውሮፕላኖች ላይ እንደማይሠራ ኩባንያው ራሱ በኋላ ገልጿል።

ከዚያ በፊት፣ ጥቅምት 19 ቀን 2011 ዓ.ም.፣ 189 ሰው የጫነ የላየን ኤር አውሮፕላን ከጃካርታ ተነሥቶ ባሕር ውስጥ ገብቷል። የዚያኛው ነገር ለዲማው ፕራዶ የበለጠ ይቀርባል። ሴንሰሩ ከአደጋው አንድ ቀን ቀድሞ ባሊ ላይ ተቀይሮ ነበር። የተተካው ዕቃ ቀድሞ አሜሪካ፣ ፍሎሪዳ ውስጥ ሲጠገን ዜሮው በ21 ዲግሪ ተዛብቶ ተሞልቶ ነበር። ይቆጥራል፣ ይናገራል፣ መስመሩ ጤነኛ ነው፤ የሚናገረው ሁሉ ግን በ21 ዲግሪ የተሳሳተ ነው። በዋዜማው ያው አውሮፕላን በዚያው ሴንሰር በርሮ ተመሳሳይ ችግር ገጥሞታል፤ ተሳፍሮ የነበረ ሦስተኛ አብራሪ ከሁለቱ ጀርባ ተቀምጦ ነገሩን ከውጭ አየው፣ ረዳቸው፣ ጃካርታ በሰላም ገቡ። በማግስቱ ያ ሦስተኛ ሰው አልነበረም።

እዚህ ላይ ነገሩ የመካኒክና የመሐንዲስ ብቻ መሆኑ ይቀራል። አማርኛ መኪናን የሚያዞረውንም ሰውን የሚመራውንም በአንድ ቃል መሪ ይላል። ደግ ሰው ቅን ነው፣ ልቡ የቀና ነው፤ ክፉው ጠማማ ነው። ቤተ ክርስቲያን እምነቷን ርትዕት ስትል ቀጥ ያለች ማለቷ ነው። ከሁሉ የሚገርመው ኃጢአት የሚለው ቃል ነው። ግእዙ ኀጥአ ማለት አጣ፣ አላገኘ ማለት ነው፤ ዛሬ ኪሱን ዳብሶ ገንዘቡን ሲያጣ «አጣሁት» የሚለው የገበያ ሰው የሚናገረው የዚያኑ ቃል ልጅ ነው። ኃጥእ በመሠረቱ ክፋት የሞላበት ሰው አይደለም፤ ሊያገኘው የሚገባውን ያጣ ሰው ነው። ቋንቋው ራሱ ግብረ ገብን በቀጥታና በጠማማ፣ በማግኘትና በማጣት ከለካው ጥያቄው አይቀርም። ሰው ቀጥታውን የሚያውቀው በምንድን ነው?

የተለመደው መልስ ኅሊና የሚል ነው። «ኅሊናዬ ንጹሕ ነው» ያለ ሰው ክርክሩን የዘጋ ይመስለዋል፤ አድማጩም አብዛኛውን ጊዜ ይዘጋለታል። ነገር ግን ኅሊና እንደ ሴንሰሩ በሦስት ዓይነት መንገድ ይታመማል። ጭራሹን የሚዘጋ አለ። ሳያቋርጥ የሚጮኽ አለ። ሦስተኛው ሥራውን እየሠራ፣ እየቆጠረ፣ እየከሰሰና እያመሰገነ፣ ዜሮው የተዛባው ነው። የመጀመሪያው ክፉ ሰው ነው፤ ሰው ይጠነቀቀዋል። ሦስተኛው በቅንነት ያጠፋል፤ ማታም እንቅልፍ ይወስደዋል።

በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ቶማስ አኩይናስ የተሳሳተ ኅሊና ሰውን ያስገድዳል ወይ ብሎ ጠይቆ ነበር። መልሱ ያስገድዳል የሚል ነው፤ ክፉ ነው ብሎ ያመነበትን የሚያደርግ ሰው፣ ነገሩ በራሱ ክፉ ባይሆንም፣ ይበድላል። ወዲያው ደግሞ ያክልበታል፤ ኅሊናን መከተል ብቻውን ከበደል አያነጻም፣ ማወቅ እየተገባው ያላወቀ ሰው አለና። እንግዲህ ዜሮው የተዛባ ሰው ኅሊናውን ቢከተል ይስታል፣ ባይከተል ይበድላል። አኩይናስ መውጫው ስሕተቱን ከላይ ማውለቅ ነው ይላል። መካኒኩም ከዚህ የተለየ አይልም።

ምሳሌ ለማግኘት ሩቅ መሄድ አያሻም። ወደ ዲማ የሚያስኬደው አገር፣ የቤንችና የማጂ ምድር፣ በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በባሪያ ፈንጋዮች ተራቁቶ ነበር። መንደር ባዶ ሆነ፣ ሕፃን ከእናቱ ተለየ፣ ሰው በገመድ ታስሮ በእግሩ ወደ ገበያ ተነዳ። ይህን ካደረጉት፣ ካስደረጉትና ከገዙት መካከል ረቡዕና ዓርብ የሚጾሙ፣ ምጽዋት የሚሰጡ፣ የንስሐ አባት ያላቸው ሰዎች ነበሩ። ፍትሐ ነገሥቱ ሰው በተፈጥሮው ነጻ መሆኑን ቢያውቅም ባርነትን ከነሥርዓቱ አስቀምጦት ነበር። ጌታው ባሪያውን ከመጠን በላይ ከደበደበ ይጸጸት ይሆናል፤ ባለቤቱ በመሆኑ ግን አይጸጸትም። ኅሊናው ይሠራ ነበር። ከተሳሳተ ዜሮ ተነሥቶ በትክክል ይቆጥር ነበር። ባርነት በሕግ ሙሉ በሙሉ የተሻረው በ1934 ዓ.ም. ነው፤ ያን ዜሮ ከሰው ልብ ማንሣት ግን ከአዋጁ በኋላም ብዙ ጊዜ ወስዷል።

ስለዚህ ኅሊና ዜሮውን ከውጭ መቀበል አለበት የሚለው ሐሳብ ጠንካራ ነው። ጋዛሊ፣ በ1111 እ.ኤ.አ. ያረፈው ታላቁ የእስልምና ሊቅ፣ በዚህ ጥያቄ ታሞ ነበር። ዓይን ጥላን የቆመ አድርጎ ያያል፤ ጥላው ግን እየሄደ ነው። ዓይን ኮከብን ዲናር የምታህል አድርጎ ያያል፤ ሒሳብ ግን ከምድር እንደምትበልጥ ያስረዳል። ዓይንን አእምሮ አረመው። አእምሮንስ ማን ያርመዋል? ከአእምሮ በላይ ያልታየ ሌላ ዳኛ ቢኖርስ? ሁለት ወር ያህል በዚህ ጥርጣሬ ውስጥ ቆየ። ያዳነው ማስረጃ አልነበረም፤ ፈጣሪ በደረቱ ውስጥ የጣለለት ብርሃን ነበር ይላል። ይህን መልስ አምልጦ መውጣት የሚመስለው አንባቢ ይኖራል። ጋዛሊ ግን ማንም መካኒክ የሚያውቀውን አስተውሏል፤ መለኪያው ራሱን ዜሮ ላይ ማድረግ አይችልም፣ ዜሮው የሚሰጥ ነገር ነው። ነቢዩ አሞጽም በራእዩ ያየው ቱንቢ ይህንኑ ያሳስባል። ግንበኛ ቱንቢውን የሚያንጠለጥለው ግድግዳው ስለ ራሱ የሚለውን ስለማያምን ነው፤ ክሩን የሚያቀናው ግንበኛውም አይደለም፣ የምድር ስበት ነው።

ፈላስፋው ዘርዐ ያዕቆብ ግን እዚህ ላይ እጁን ያነሣል፤ ተቃውሞውም በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። ሐተታ የተባለው መጽሐፉ እንደሚተርከው በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን፣ በሱስንዮስ ዘመን፣ ካቶሊኩና ኦርቶዶክሱ በሚካሰሱበት ጊዜ ጠላት ከሰሰው፤ ጥቂት ወርቅና መዝሙረ ዳዊቱን ይዞ ሸሸ፣ ሁለት ዓመት በዋሻ ኖረ። መጽሐፉ በእርግጥ የማን እንደሆነ ሊቃውንት ከ1920 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ይከራከራሉ። ክርክሩ እንዳለ ሆኖ የሚያነሣው ጥያቄ ራሱን ችሎ ይቆማል። ሁሉም የራሱ ሃይማኖት ርትዕት እንደሆነች ይናገራል፤ ታዲያ ማን ይፍረድ? ዜሮውን ከውጭ ተቀበል ከተባለ ከየትኛው ውጭ? ፍሎሪዳ ያለው የጥገና ቤትም ለላየን ኤሩ ሴንሰር «ውጭ» ነበር። ለባሪያ ፈንጋዩም ማኅበረሰቡ «ውጭ» ነበር፤ ጠማማውን ቀና ብሎ የነገረው እሱ ነው። ዘርዐ ያዕቆብ በዋሻው ውስጥ ብቻውን ሆኖ በልቡናው ሲመረምር ሰውን እንደ እንስሳ መሸጥ ከፈጣሪ ሊሆን አይችልም የሚል መደምደሚያ ላይ ደረሰ። ዙሪያው ያለው ዓለም ያላየውን አየ። እንግዲህ አንድ ሰው ብቻውን ልክ፣ ማኅበረሰቡ በሙሉ ስሕተት ሊሆን ይችላል።

ሁለቱን ሊቃውንት ማስታረቅ የሚቻለው ወደ መኪናው ተመልሶ ነው። ደኅና የተሠራ የመኪና ኮምፒውተር የመሪውን ሴንሰር ብቻ አያምንም። የአራቱን ጎማዎች ፍጥነት ለየብቻ ያያል፤ መኪናው በራሱ ዙሪያ ምን ያህል እንደዞረ፣ ወደ ጎን ምን ያህል እንደተገፋ የሚለኩ ሌሎች ሴንሰሮችን ይጠይቃል። አራቱ ጎማዎች በእኩል ፍጥነት እየሄዱ፣ መኪናውም ሳይዞር፣ መሪው ብቻ 14 ዲግሪ ካለ ማን እንደተሳሳተ ይታወቃል። ብዙ መኪና እንዲያውም ቀጥ ባለ መንገድ ሲነዳ እነዚህን ምስክሮች እያነጻጸረ ትንሽ የዜሮ መዛባትን በራሱ ያርማል። ወሳኙ ነገር ምስክሮቹ ብዙ መሆናቸው ብቻ አይደለም፤ በአንድ ምክንያት አብረው የማይሳሳቱ መሆናቸው ነው። ከአንድ የተዛባ ምንጭ የተሞሉ አሥር ሴንሰሮች ቢስማሙ ስምምነታቸው ዋጋ የለውም። ማክስ አውሮፕላኖች ወደ ሰማይ ሲመለሱ የተደረገላቸው ማሻሻያ ይኸው ነው፤ ሥርዓቱ ሁለቱንም ሴንሰሮች እንዲያዳምጥ፣ ከ5.5 ዲግሪ በላይ ከተለያዩም እጁን እንዲያነሣ።

ሰውስ እንዲህ ያለ ምስክር ከየት ያገኛል? እንደ እሱ ካደገው፣ በእሱ ቋንቋ ከተቆጣው፣ የእሱን ቂም ከወረሰው ወንድሙ አይደለም። ወንድሙ በአብዛኛው ያው ሴንሰር ነው። ጋምቤላ የአኙዋ፣ የኑዌር፣ የመዠንግር፣ የኦፖና የኮሞ አገር ነው፤ ከደጋ የመጣው ነጋዴና ወርቅ ፈላጊም አብሮ ይኖራል። ዲማ በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. የሱዳን ጦርነት ላፈናቀላቸው ሰዎች መጠለያ ሆናለች። ክልሉ የጎረቤታሞችን ደም መፋሰስም አይቷል፤ በእያንዳንዱ ወገን ራሱን ተከላካይ ብቻ አድርጎ የሚያይ፣ ኅሊናው ንጹሕ የሆነለት ሰው ነበር፣ አለም። እንዲህ ባለ ቦታ የሌላው ሰው ቅሬታ ሁከት ብቻ ተደርጎ መታየት የለበትም። ከሌላ ምንጭ የተሞላ መለኪያ ነው። «በድለኸኛል» የሚለው እኔን የማይመስል ጎረቤት ምናልባት ከጀርባ ተቀምጦ መሣሪያዬን የሚያነበው ሦስተኛ አብራሪ ሊሆን ይችላል። ልክ ነው ማለት አይደለም። መጠየቅ ይገባዋል ማለት ነው። ሽምግልና ከሁለቱም ወገን ያልሆነ ሰው የሚፈልገው በዚሁ ምክንያት ነው፤ አኙዋው ጅዎክ ብሎ የሚጠራው፣ ሌላው በሌላ ስም የሚጠራው ፈጣሪ በመካከል የሚጠራውም ለዚሁ ነው። እያንዳንዱ ወገን የራሱን ዜሮ ትቶ የሁለቱም ያልሆነ ዜሮ ፊት እንዲቆም።

አማኞችም ይህን በዕለት ልማዳቸው ያውቁታል። አምስቱን ሶላት የሚሰግድ ሙስሊም በግዴታ ረከዓዎቹ ብቻ ወደ ቀጥተኛው መንገድ እንዲመራ በቀን 17 ጊዜ ይለምናል። ትናንት ለምኖ ነበር፤ ነገም ይለምናል። ቀጥታው አንድ ጊዜ ተነግሮ የሚያበቃ ቢሆን ኖሮ አንድ ልመና በበቃ ነበር። የኦርቶዶክሱ ሰባት የጸሎት ጊዜያትም በአንድ ቀን ውስጥ ሰባት ጊዜ ቆሞ ወደ ዜሮ መመለስ ነው።

ሳያቋርጥ ስለሚጮኸው ኅሊናም አንድ ነገር መባል አለበት፤ እሱም ስቃይ ነውና። ያለፈ በደሉን በየሌሊቱ የሚመዝን፣ ይቅር መባሉን ማመን ያቃተው ሰው አለ። የበላዔ ሰብእ ታሪክ በየዓመቱ የካቲት 16 የሚተረከው ምናልባት ለእንዲህ ያለው ሰው ነው። 78 ነፍስ ያጠፋ ሰው በእመቤታችን ስም ለለመነው ለተጠማ ሰው የሰጠው ጥርኝ ውሃ በሚዛን ላይ ይቀመጣል፤ በአገራችን ሥዕሎች ላይ እመቤታችን ጥላዋን በሚዛኑ ላይ ስታሳርፍ ይታያል። ታሪኩን ሰምቶ ሚዛኑ ተጭበረበረ የሚል አለ። ነገር ግን በላዔ ሰብእ ራሱ ቢመዝን ኖሮ ያችን ውሃ ከቁጥር አያገባትም ነበር። ሰው ራሱን ሲከስም ዜሮው ሊዛባ ይችላል፤ የንስሐ አባት «ልጄ፣ ይብቃህ» የሚልበት ጊዜ ለዚህ አለ።

የፕራዶው ባለቤት ግን ትዕግሥት አልነበረውም እንበል። መካኒኩ ሳይፈትሽ ሴንሰሩ ይቀየር አለ፤ አዲስ አበባ መርካቶ ሶማሌ ተራ ከሌላ መኪና የወጣ ዕቃ ተገዝቶ መጣለት። መካኒኩ ባትሪውን ፈታ፣ ኤርባጉ ውስጥ የቀረ ኤሌክትሪክ እስኪያልቅ ከ90 ሴኮንድ በላይ ጠበቀ፣ ጎማዎቹን አቀና። ኤርባጉን አወረደ፤ መሪውና ዘንጉ የሚገናኙበትን በቀለም ምልክት አደረገና ነቀለው። የተጠቀለለው ጥብጣብ እንዳይዞር በፕላስተር አሰረው፣ ምክንያቱም ያ ከመካከሉ ተዛብቶ ከታሰረ መሪው ሲጠመዘዝ ይበጠሳል፣ ኤርባጉም ክላክሱም አብረው ይጠፋሉ። አሮጌው ወጣ፣ ሌላው ገባ፣ ሁሉም በቦታው ታሰረ። ሞተሩ ሲነሣ ቢጫዋ መብራት አሁንም አለች።

ባለቤቱ ተናደደ፤ ተታለልኩ አለ። አልተታለለም። የተተካው ሴንሰር ጤነኛ ነው፤ ግን ቀጥታውን እሱም አያውቅም። በአንዳንድ መኪና ዜሮው የሚቀመጠው በፍሬኑ ኮምፒውተር ውስጥ ነው፣ በአንዳንዱ በሴንሰሩ ውስጥ፤ እንዲህ ያለው ዕቃ የሌላ መኪና ቀጥታ ይዞ ሊመጣ ይችላል። ማኅበሩን፣ ፓርቲውን ወይም የእምነት ቤቱን ለውጦ በአዲሱ ቤት ያንኑ ጥላቻ በአዲስ ቃል የሚናገር ሰው የሚያስገርመው ለዚህ ነው። ዕቃው ተቀይሯል። ለአዲሱም ዜሮ መስጠት የሚባል ሌላ ሥራ ነበረ።

መካኒኩ መኪናውን ወደ ደልዳላ ቦታ ያወጣዋል። ቀይ አፈር ላይ ጎንበስ ብሎ ከኋላ ጎማ እስከ ፊት ጎማ ሲባጎ ይወጥራል፤ የፊቱ ጎማ ሲባጎውን በሁለቱም ጠርዙ እስኪነካ ድረስ ረዳቱ መሪውን በጣት ያህል ያንቀሳቅሳል። «ትንሽ ወደ ግራ... ያዘው፣ ያዘው።» በሌላውም ጎን እንዲሁ። መሪው አሁንም ትንሽ ወደ ግራ ስላዘነበለ ዘንጎቹ ላልተው እንደገና ይታሰራሉ፣ ሲባጎው እንደገና ይወጠራል። በመጨረሻ መኪና ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ እንዲወርድ፣ ማንም በሩን እንዳይደገፍ ይነገራል። መካኒኩ መሪውን ለቆ ስካነሩ ላይ ትእዛዙን ይጫናል። ቁጥሩ ባለበት ትንሽ ይቆይና 0.0 ይሆናል።

ሞተሩን አጥፍቶ ያስነሣል። ዳሽቦርዱ ላይ መብራቶቹ ሁሉ ይበራሉ፤ በሕይወት መኖራቸውን የሚያሳዩበት ጊዜ ነው። የዘይቱ ይጠፋል፣ የባትሪው ይጠፋል፣ የኤርባጉ ይጠፋል። ቢጫዋ ትንሽ ትቆያለች። ባለቤቱ በመስኮቱ አንገቱን አስግጎ ያያታል። መካኒኩ ማርሽ ያስገባና መኪናውን ወደ አኮቦ በሚወስደው መንገድ ላይ ያወጣዋል፤ አቧራው እየተከተለው፣ መንገዱ ቀጥ እስካለበት ድረስ።